የዶኛ አምፓሮ ቤት መርዶ

ቃልቤሳ ሲቆጥር በስፓኒሽ ነው። የሚነዳው ቫን ውስጥ ያሉትን አዛውንቶች፣ ገና ያልደረሰባቸውን ቤቶች፣ የመስታወት መጥረጊያውን ምልልስ ሳይቀር ከንፈሩን ሳያንቀሳቅስ ኡኖ፣ ዶስ፣ ትሬስ እያለ ይቆጥራል። ከሚስቱ ከኢብሲቱ ጋር በኦሮምኛ ያወራል፤ ከጓደኞቹ ጋር በአማርኛ። የዘጠኝ ዓመት ልጁ ፋዮ በየትኛውም ቋንቋ ቢጠራት የምትመልስለት በእንግሊዝኛ ነው። ስፓኒሹን ግን የሚሰማለት አልነበረም። ሚኒያፖሊስ፣ ሌክ ስትሪት ላይ ያሉት የሜክሲኮ ሰዎች ሲያናግራቸው ይስቃሉ። «ኩባዊ ነህ እንዴ?» ይሉታል። «አይደለሁም» ይላል። ከዚያ በላይ ማስረዳት ረጅም ጊዜ ይፈጃል፤ ቫኑም ሰው ይጠብቀዋል።

የተወለደው ድሬዳዋ ነው። አባቱ የባቡር ሠራተኛ ነበር፤ በሶማሊያው ጦርነት ሚሊሻ ሆኖ ዘመተና ሳይመለስ ቀረ። ቃልቤሳ በአሥር ዓመቱ፣ እንደሱ አባቶቻቸው ከሞቱባቸው በመቶዎች ከሚቆጠሩ ልጆች ጋር አሰብ ላይ መርከብ ተሳፈረ። ባሕር አይቶ የማያውቅ ልጅ ለሳምንታት ከባሕር በቀር ሌላ ነገር ሳያይ ከረመና ኩባ ደረሰ፤ ከዋናዋ ኩባ በስተደቡብ ያለች ትንሽ ደሴት ላይ ወረደ። ልጆቹ «ላ ኢስላ» ይሏታል፤ «ደሴቲቱ» ማለት ነው፣ ሌላ ደሴት በዓለም ላይ የሌለ ይመስል። ትምህርት ቤታቸው የቆመው በቶሮንሃ እርሻ መካከል ነበር። ቶሮንሃ ከብርቱካን የሚተልቅ፣ ጣፋጩና መራራው በአንድ ጉርሻ የሚመጣ ፍሬ ነው። ጠዋት የተማረ ከሰዓት ይለቅማል፤ ጠዋት የለቀመ ከሰዓት ይማራል። አሥራ አንድ ዓመት እንዲህ ኖረ። ጢሙ የበቀለው እዚያ ነው። ለመጀመሪያ ጊዜ ሴት ልጅ ወድዶ ያፈረውም እዚያ ነው።

እናቱ ደብዳቤ ታስጽፍለት ነበር። ከዚያ ደብዳቤው በአጎቱ ስም መምጣት ጀመረ። «እናትህን ትንሽ አሟታል።» ቀጥሎ፣ «እየተሻላት ነው።» ቀጥሎ፣ «ጠበል ገብታለች፣ አታስብ።» በሃያ አንድ ዓመቱ ድሬዳዋ ሲመለስ፣ በማግስቱ ፀሐይ ሳትወጣ ሽማግሌዎች አጎቱ ቤት ገቡ፤ እናቱ ከሞተች አምስት ዓመት እንዳለፋት ነገሩት። ይህን የሰማ ሁሉ እንዴት አልተናደደም ብሎ ይገረማል። አልተናደደም። «እዚያ ማሳ ውስጥ ለብቻዬ ቢነግሩኝ ማን ይይዘኝ ነበር?» ይላል። መርዶ በስልክ አይነገርም፣ በደብዳቤ አይነገርም፣ አጠገቡ ሰው ለሌለው ሰው አይነገርም። ደሴቲቱ ብዙ ነገር አስተምራዋለች፤ ይህንን ግን ያስተማረችው ድሬዳዋ ናት፣ በአንድ ጠዋት።

ሚኒያፖሊስ የመጣው በፈረንጆቹ ዘጠናዎቹ መጨረሻ ነው። ኤደን ፕሬሪ መጋዘን ውስጥ ካርቶን ሲያነሳ ወገቡን ተጎዳ፤ ሥራ ቀየረና አረጋውያንን ከቤታቸው ወደ ክሊኒክ የሚያመላልስ ቫን መንዳት ጀመረ። ዶኛ አምፓሮን፣ እመቤት አምፓሮን እንደ ማለት፣ ያገኛቸው በዚህ ሥራ ላይ ነው፤ በፈረንጆቹ 2007፣ ቅጠሉ ሊረግፍ ሲል።

ሴትዮዋ የሚኖሩት ኮሎምቢያ ሃይትስ፣ በአንድ የአረጋውያን ሕንፃ ሰባተኛ ፎቅ ላይ ነበር። ማክሰኞ፣ ሐሙስና ቅዳሜ ለኩላሊት እጥበት ክሊኒክ ይሄዳሉ። ሰባ ዘጠኝ ዓመታቸው ነው፤ ቀጭን ናቸው፣ ከጥፍራቸው ሥር የሥዕል ቀለም አይጠፋም። የመጀመሪያው ቀን ቀበቶው አልገባ ሲላቸው አንድ ስድብ ወረወሩ፤ ኩባ ያደገ ሰው ብቻ በዚያ ዜማ የሚላትን ስድብ። ቃልቤሳ መሪውን ይዞ እንባው እስኪመጣ ሳቀ።

«ምን ያስቅሃል?» አሉት በእንግሊዝኛ።

«ይህችን ስድብ ከሰማሁ አሥራ ሰባት ዓመቴ ነው» አላቸው በስፓኒሽ።

ከኋላ ወንበር ጎንበስ ብለው የፊቱን ጎን መረመሩት።

«የቃላቱን ጫፍ ትውጣለህ። እንደኛ ነው የምትናገረው። የማን ልጅ ነህ አንተ?»

«ኢትዮጵያዊ ነኝ። ያደግሁት ግን ላ ኢስላ ዴ ላ ኹቬንቱድ ነው፤ የወጣቶች ደሴት።»

«ኢስላ ዴ ፒኖስ በል! እኔ ስወለድ ስሟ እሱ ነበር። አዲሱን ስም ሲያወጡላት እኔን ማንም አልጠየቀኝም።» ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ከደሴቲቱ የት አካባቢ?»

ነገራቸው፤ ወንዙን፣ የብረት ድልድዩን፣ ከድልድዩ ማዶ ያለውን የቶሮንሃ ማሳ።

«የአባቴ ዛፎች!» ብለው ጮኹ። «የአባቴን ፍሬ ስንት ዓመት በላህ?»

«አሥራ አንድ።»

«ሌባ!» አሉት፤ እሳቸውም ሳቁ። ከዚያን ቀን ጀምሮ መጠሪያው ሌባ ሆነ። «ሌባው ዛሬ ዘግይቷል።» «ሌባዬ፣ እስኪ ሙቀቱን ጨምርልኝ።»

ዶኛ አምፓሮ ከኩባ የወጡት በ1961 ነው፤ ከባላቸውና ከሁለት ዓመት ልጃቸው ከሁሊዮ ጋር፣ በሁለት ሻንጣ። እርሻው ተወረሰ። ሚኒሶታ ያመጣቸው አንድ ቤተ ክርስቲያን ነው። ባላቸው ከሞቱ ቆይተዋል፤ ሁሊዮ ታምፓ እየኖረ በየግዛቱ ትልቅ የጭነት መኪና ይነዳል። እሳቸውን ከቤታቸው ያስወጣው አብዮት ነው ቃልቤሳን ያሳደገው። ስለዚህ ነገር ቫኑ ውስጥ ይከራከሩ ነበር፤ እሳቸው ሲያማርሩ እሱ ያበላውንና ያስተማረውን አገር ሊያስነካ አይፈልግም፤ እሱ ሲያወድስ እሳቸው መስኮቱን በጥፍራቸው ይመታሉ። ደግሞ ወዲያው አንዳቸው የአንድ ወጥ ስም ይጠሩና ሁለቱም ይለሰልሳሉ። ኢብሲቱ፣ «ማክሰኞ ማክሰኞ ፊትህ ይበራል፤ ቅናት ልጀምር ነው» አለችው አንድ ቀን። እንዲህ አላት፦ «ከእሳቸው ጋር ሳወራ የአሥራ አምስት ዓመት ልጅ እሆናለሁ። ሌላ ቦታ ያ ልጅ የለም።»

ኅዳር ላይ ቦርሳቸውን ተሸክሞ እስከ ሰባተኛ ፎቅ አደረሳቸው። በሩ ሲከፈት ቃልቤሳ ባለበት ቆመ። ግድግዳው በሙሉ ሥዕል ነው፤ ሥዕሉ በሙሉ አንድ ቤት ነው። ነጭ ግድግዳ፣ ሰማያዊ በር፣ ሦስት ደረጃ፣ ሰፊ በረንዳ፣ ከበሩ በስተግራ አንድ ክብ መስኮት። ስድሳ ጊዜ የተሣለ አንድ ቤት። በቅርብ ሲታይ ግን ሁሉም ይለያያሉ፤ በአንዱ ላይ ደረጃው አራት ነው፣ በሌላው መስኮቱ ወደ ቀኝ ዞሯል፣ በአንዱ ደግሞ ጣሪያ የለውም፣ በጣሪያው ቦታ ባሕር አለ።

«በየዓመቱ አንድ ነገር ይጠፋኛል» አሉ ዶኛ አምፓሮ ካፖርታቸውን እያወለቁ። «በጠፋኝ ቦታ ያገኘሁትን አስገባበታለሁ። የኛ ሰዎች፣ የወጣነው፣ ሠዓሊውም ገጣሚውም ያው ነን። አንዱ ጓደኛዬ ሻንጣ ብቻ ይስላል። አንዷ ባሕር ብቻ ስትስል ሠላሳ ዓመቷ። ሁላችንም ከበር የወጣንባትን ደቂቃ ነው የምንስላት፤ ከእሷ ወዲህ ያለውን ማን አየው?» ወደ አንድ ትልቅ ባዶ ሸራ ጠቆሙ። «ይሄንን በሚያዝያ ለሚከፈተው የስደተኞቹ ትርኢት ነው ያሰብኩት። የአባቴ ቤት፣ ዛሬ እንዳለ። እኔ ዛሬን አላውቅም፤ ከኔ በኋላ ያየኸው አንተ ነህ። ሌባዬ፣ ቤቱን አይተኸዋል አይደል?»

«አይቼዋለሁ።»

«ደህና ነው?»

ስለ ሰው እንደሚጠየቅ ነው የጠየቁት። ቃልቤሳም ስለ ሰው እንደሚመለስ መለሰ። «ደህና ነው» አለ።

ቤቱ ግን የለም። ክብ መስኮት ያለው ቤት በዚያ ሁሉ አካባቢ አንድ ብቻ ነበር፤ ቃልቤሳ በሚገባ ያውቀዋል። በ1983 ትምህርት ቤቱ ለአዲስ የመመገቢያ አዳራሽ ጡብ ፈልጎ፣ ሠላሳ ልጆች በእሁድ የበጎ ፈቃድ ሥራ ወጥተው አፈረሱት። የማን ቤት እንደሆነ ጠይቀው ነበር። «የሄዱ ሰዎች ቤት ነው» ተባሉ፤ በዚያው ረሱት። በዚያ ሳምንት ከሁሉም አብልጦ የለቀመ ልጅ የመጀመሪያውን መዶሻ እንዲመታ ይከበራል ተባለ። የተከበረው ልጅ አሥራ አራት ዓመቱ ነበር፤ ስሙ ቃልቤሳ።

ሊፍት ውስጥ ብቻውን ሲወርድ ውሸታም ነኝ ብሎ አላሰበም። የሞተ ዘመድ ሲኖር መጀመሪያ «ደህና ናቸው» ይባላል፤ ሰውየው እስኪዘጋጅ፣ ሰው አጠገቡ እስኪሰበሰብ። ቀጥሎ «ትንሽ አሟቸዋል» ይመጣል። ስለዚህ በሚቀጥለው ማክሰኞ ቫኑ ውስጥ እንዲህ አለ፦ «ጣሪያው ግን ትንሽ ያፈስ ነበር።»

«ከየት በኩል?»

«ከ... ከማድቤቱ በኩል።»

ዶኛ አምፓሮ ሸራው ላይ ከማድቤቱ በላይ ቡናማ የውሃ እድፍ ሣሉ። በሳምንቱ አንድ የበረንዳ ምሰሶ ዘመመ። ከዚያ የሁለተኛው ደረጃ ጥግ ተሰበረ፤ ከዚያ ግድግዳው ከመስኮቱ ሥር ተሰነጠቀ። ቃልቤሳ ቤቱን በየሳምንቱ ትንሽ ትንሽ ያሳምመዋል፤ እሳቸው ቤታቸው ገብተው ሕመሙን በቀለም ይመዘግባሉ።

«ይሄ ቤት በሳምንት በሳምንት ነው እንዴ የሚያረጀው?» አሉት በጥር። «ባለፈው ምሰሶ፣ ዛሬ ደግሞ ወለል!»

«ቀስ በቀስ ትዝ እያለኝ ነው።»

«ይሁን። እንኳን አልዋሸኸኝ። ሌላ ሰው ቢሆን ቤተ መንግሥት አድርጎ ይነግረኝ ነበር።»

ይህችን ሲሰማ መሪውን አጥብቆ ያዘ።

ሥዕሉ እያማረ ሄደ። ቃልቤሳ ስለ ሥዕል አያውቅም፤ ግን ከስድሳዎቹ አንዳቸውም እንዲህ እንዳልነበሩ ያያል። ስድሳዎቹ የታጠበ ልብስ ይመስላሉ፤ ይሄኛው የሰው ፊት ነው፣ ያረጀ፣ የሚያመው፣ ያለ። በየካቲት መጀመሪያ ቅዳሜ፣ ከክሊኒክ ሲመልሳቸው፣ ዶኛ አምፓሮ እንደ ልጅ እግራቸውን እያወዛወዙ ዜናውን ነገሩት። ትርኢቱን የምታዘጋጀው ልጅ ሰኞ መጥታ ሥዕሉን ፎቶ ልታነሳው ነው፤ መጽሔት ይታተማል። ከሥሩም «ዛሬ እንዳለ፣ በዓይን ምስክሩ በቃልቤሳ ቃል» ተብሎ ይጻፋል።

«ስሜ?»

«ስምህ። ሌባ ብለው እንዲጽፉ ነበር የፈለግሁት፤ እምቢ አሉኝ።»

ቫኑን እንደመለሰ በራሱ መኪና ሜፕልዉድ ሄደ፤ ገነት ጋ። ገነት ከእሱ ጋር በአንድ መርከብ ተሳፍራ፣ በአንድ ትምህርት ቤት ያደገች ናት፤ ቤቷ ውስጥ ሕፃናት ትጠብቃለች። ባሏ ደረሰም የደሴቲቱ ልጅ ነው፣ በዕድሜ ይበልጣቸዋል፤ ታክሲ ይነዳል። በወለሉ ላይ በተበታተኑ የሕፃናት መጫወቻዎች መካከል ተቀምጠው ሰሙት።

«ፈርሷል በላቸዋ» አለ ደረሰ። «ቤት ነው፤ ሰው አልሞተባቸውም።»

«አንተ ዝም በል» አለችው ገነት። «አርባ ሰባት ዓመት ሙሉ የሚያስቡት እሱን ነው። እርማቸውን አላወጡም። ቫን ውስጥ፣ ቀበቶ ታስረው ይስሙት?»

«ታዲያ ድንኳን ልጣል?» አለ ደረሰ።

«ሙት! እየቀለድክ ነው?»

ቃልቤሳ ፊቱን በእጁ ይዞ ተናገረ። «ቢያውቁ አያናግሩኝም። እሱን ነው የፈራሁት። የቤቱ ነገር አይደለም፤ የኔ ነው። እሳቸው ከሄዱ እኔ በዚያ ቋንቋ ለማን ነው ያለሁት? እናንተ እንኳ ስታገኙኝ አማርኛ ነው የምታወሩኝ።»

እውነት ነበር። ከዚያ ገነት ተነሥታ ሩዝና ጥቁር ባቄላ ዘፈዘፈች። «ነገ እሁድ ነው» አለች። «ሳይነጋ እንሄዳለን። ደረሰ ሽማግሌ ነው፣ እሱ ይጀምራል። እኔም ጡቡን ተሸክሜአለሁ፤ ከጎንህ እሆናለሁ። ብቻቸውን አይሰሙትም።»

ኢብሲቱ ስትሰማ፣ «ለቤት መርዶ? ኩባ የሚያሳድገው እብድ ነው» አለችው። ቢሆንም ጥቁር ካፖርቱን ተኮሰችለት።

እሁድ ከጠዋቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ላይ፣ አፍንጫ በሚሰነጥቅ ብርድ፣ ሦስቱ ከሕንፃው በር ቆሙ። ደረሰ ከረባት አስሯል። ገነት በካፖርቷ ላይ ጥቁር ነጠላ አጣፍታ ድስቱን በፎጣ ጠቅልላ ታቅፋለች። ቃልቤሳ ደወሉን ተጫነ።

«ማነው?»

«ቃልቤሳ ነኝ፣ ዶኛ።»

«ዛሬ እሁድ ነው፣ ሌባ። ኩላሊቴ እሁድ አይታጠብም።»

ግን ከፈቱለት። ሰባተኛ ፎቅ ደርሰው በሩ ሲከፈት፣ ሦስት ጥቁር የለበሱ ሰዎች ድምፅ ሳያሰሙ ተሰልፈው ቆመዋል። ዶኛ አምፓሮ በሌሊት ልብሳቸው ላይ ሹራብ ደርበዋል። ሦስቱን ተራ በተራ አዩ።

ደረሰ እጆቹን አጣምሮ ሸብረክ አለ። በስፓኒሽ፣ ግን በሐረር ሽማግሌ ቃና፣ «እስኪ በመጀመሪያ ይቀመጡ፣ እናታችን» አላቸው።

ሴትዮዋ ግድግዳውን እየዳሰሱ ወደ ወንበር ተንሸራተቱ። «ሁሊዮ ነው» አሉ። «መኪናው ነው። በረዶው ነው።»

«ሁሊዮ ማነው?» አለ ደረሰ።

«ልጄ! ልጄ ሞተ!»

«አይደለም! አይደለም ዶኛ!» ቃልቤሳ እግራቸው ሥር ወደቀ። «ሁሊዮ ደህና ነው! ቤቱ ነው!»

«የትኛው ቤት?»

«የአባትዎ ቤት። የለም። ፈርሷል።»

ዶኛ አምፓሮ በጥፊ መቱት፤ ጠንካራ ጥፊ ነበር። ቀጥለው ራሱን በሁለት እጃቸው ይዘው ደረታቸው ላይ አጥብቀው መሳቅ ጀመሩ፤ ልጃቸው አልሞተማ። ሳቁ ሲበርድ እጃቸው ላላ።

«መቼ?»

«በሰማንያ ሦስት።»

«ሃያ አምስት ዓመት» አሉ። ግድግዳው ላይ ያሉትን ሥዕሎች አዩ። «ጣሪያው ያፈሳል አልከኝ። ምሰሶው ዘመመ አልከኝ።»

«አገራችን እንዲህ ነው የሚነገረው» አለች ገነት ቀስ ብላ። «ሰው እንዳይደነግጥ ነው።»

«እንዳይደነግጥ!» አሉ ዶኛ አምፓሮ። «ማን አፈረሰው?»

እዚህ ላይ «እነሱ» ማለት ይችል ነበር። ለዶኛ አምፓሮ «እነሱ» የሚባሉ ሰዎች አሉ፤ ጥፋቱ ሁሉ የሚጫንባቸው፤ አንድ ጥፋት ቢጨመርባቸው ማንም አያይም። ጓደኝነቱም ይተርፍ ነበር። ቃልቤሳ ወለሉ ላይ እንደተንበረከከ፣ «እኔ» አለ። «እኔና ሌሎች ልጆች። የመጀመሪያውን የመታሁት ግን እኔ ነኝ። ጎበዝ ስለነበርኩ ነው የመረጡኝ።»

«ደስ ብሎህ ነበር?»

ሊዋሽ አልቻለም። «በጣም» አለ።

ዶኛ አምፓሮ ተነሡ። ገነት ጠረጴዛው ላይ ያስቀመጠችውን ድስት አንሥተው መለሱላት። በሩን ከፈቱ። እስከዚያች ጠዋት ቃልቤሳን አንተ ነበር የሚሉት፤ አሁን «ይውጡልኝ» አሉት፣ እንደ ማንኛውም የማያውቁት ሰው።

መኪናው ውስጥ ገነት የልቅሶ ምግብ ወደ ቤት አይመለስም ብላ ድስቱን ከፈተች። ሦስቱም በአንድ ማንኪያ እየተቀባበሉ፣ በመስታወቱ ላይ ትንፋሻቸው እየረጋ፣ ሩዙን በሉ። «አላለቀሱም» አለች። ደረሰ ከረባቱን እየፈታ፣ «ድንኳን መጣል ነበረብን» አለ።

ማክሰኞ መሥሪያ ቤት ሲደርስ ዝርዝሩ ላይ ስማቸው የለም። የስምሪት ኃላፊዋ ቀና ሳትል፣ «ያቺ ሴትዮ ሌላ ሹፌር ጠይቃለች። ምን አደረግካት?» አለችው። በምትኩ የኤደን ፕሬሪ መስመር ተሰጠው። በዚያ መስመር ላይ ጥሩ አሮጊቶች ነበሩ፤ ስለ አየሩ ያወራሉ፣ ሲወርዱ ያመሰግናሉ። እሱም ስለ አየሩ ይመልሳል። ቤት ሲገባ ዕቃ እያጠበ ለብቻው በስፓኒሽ መናገር ጀመረ፤ መጀመሪያ ክርክር ነበር፣ በኋላ ይቅርታ፣ በኋላ እንዲያው የዛፎች ስም። «ዳድ፣ ሁ አር ዩ ቶኪንግ ቱ?» አለችው ፋዮ። «ማንንም አይደለም» አላት በስፓኒሽ፤ ልጅቱም ትከሻዋን ሰብቃ ሄደች።

ሦስት ሳምንት ሙሉ እንዲህ ሆነ። በመጋቢት አንድ ምሳ ሰዓት፣ ቫኑ ውስጥ ሳንድዊች ሲበላ ስልኩ ጮኸ።

«አቶ ቃልቤሳ ነዎት?»

ድምፁን ሲያውቅ ሳንድዊቹን አስቀመጠ። «ነኝ፣ ዶኛ።»

«ከየት ነው የጀመራችሁት?»

«ምኑን?»

«ማፍረሱን።»

«ከበረንዳው።»

«ቀጥሎስ?»

«ቀጥሎ በሩ ተነቀለ። ከዚያ ጣሪያው... በስልክ ነው የምነግርዎ?»

«እንግዲህ በመርዶ ነጋሪ አይላኩብኝ!» ትንፋሻቸው ተሰማ። «ፎቶ የምታነሳዋን ልጅ ሁለት ጊዜ መለስኳት። ለሦስተኛ ጊዜ ብመልሳት ተመልሳ አትመጣም። ሥራ ሲጨርሱ ይምጡ። ቅደም ተከተሉን እፈልገዋለሁ።»

ሲደርስ ሸራው መስኮቱ አጠገብ ቆሟል። ቤቱ ከነእድፉ፣ ከነስንጥቁ፣ አራት ወር ያስታመሙት ቤት። ዶኛ አምፓሮ አንድ ጨርቅና አንድ ጠርሙስ የቀለም ማሟሟቻ ይዘዋል። ወንበር ጠቆሙት፤ ሰላም አላሉትም።

«በረንዳው» አሉ።

«ከቀኝ ጥግ ነው የመታሁት።»

ጨርቁን አርሰው ከቀኝ ጥግ ጀመሩ። የታችኛው ቀለም ገና ሙሉ በሙሉ አልደረቀም ነበር፤ ሰማያዊና ነጩ ተቀላቅሎ በግራጫ ጭጋግ ለቀቀ። ቃልቤሳ ይናገራል፤ እሳቸው ይጠርጋሉ። ምሰሶዎቹ ስንት ምት እንደፈጀባቸው ይጠይቁታል፤ ይነግራቸዋል። በሩን ማን ተሸክሞ እንደሄደ ይጠይቁታል፤ አራት ልጆች ናቸው፣ እየዘፈኑ ነበር ይላቸዋል። መዝፈናቸውን ሲሰሙ እጃቸው ቆመ፤ ከዚያ በሩን ጠረጉት። አንዳንዴ ደሴቲቱን በሁለቱም ስሞች አቀያይረው ይሳደባሉ። አንድ ጊዜ አለቀሱ፤ ጨርቁን ሳያስቀምጡ፣ ፊታቸውን ሳያዞሩ። ቃልቤሳ ሊነሣ ሲል፣ «ይቀመጡ» አሉት። ተቀመጠ። እርም እንዲህ ቁጭ ብሎ፣ ሰው እያየው፣ በእጅ ሲወጣ አይቶ አያውቅም ነበር።

ጣሪያው ሄደ። ክብ መስኮቱ ጋ ሲደርሱ ትንሽ ዘገዩበት፤ ከዚያ እሱም ሄደ። የቀረው የግራው ግድግዳ ነው።

«ይህኛው እምቢ ብሎን ነበር» አለ ቃልቤሳ። «ሁለት እሁድ ፈጀብን። ልስኑ ረግፎ ሲያልቅ ውስጡ የሚያብረቀርቅ ሆነ፤ ተደናግጠን መዶሻውን ጣልን። መስታወት ነው ብለን ነበር።»

«ምን ነበረ?»

«ዛጎል። በጡቡና በጡቡ መሐል ያለው ጭቃ በሙሉ ዛጎል ነው፤ ትንንሽ፣ ሮዝ። ከመሠረቱ እስከ ጣሪያው። ልጆቹ በጥፍራችን እየፈለቀቅን ስንሰበስብ ዋልን፤ በዚያ ቀን ያፈረስነው ነገር የለም።»

ዶኛ አምፓሮ ቀስ ብለው ዞሩ። ጨርቁ ከእጃቸው ወደቀ።

«አባቴ ያንን ግድግዳ ሲሠራ እኔ አልተወለድኩም» አሉ። «በዚያ ግድግዳ ላይ ጀርባዬን አስደግፌ አደግሁ። ዛጎል አለው ብሎ ማንም አልነገረኝም። ስድሳ ጊዜ ስዬዋለሁ።»

«ከልስኑ ሥር ነው ያለው። ካላፈረሱት አይታይም።»

ይህን ካለ በኋላ አፉን በእጁ ያዘ። እሳቸው ግን አልተቆጡም፤ ወደ እሱ ጠጋ ብለው የእጁን ጥፍሮች አዩ፣ ከሃያ አምስት ዓመት በኋላ አንድ ነገር ቀርቶባቸው እንደሆነ።

«ምን ያክላሉ?»

በአውራ ጣቱ ጥፍር ግማሽ ላይ ለካላቸው።

«ሮዝነቱስ? እንደ ሥጋ ነው ወይስ እንደ ማለዳ?»

ቃልቤሳ አሰበ። የቀለሙን ስም በአማርኛ ፈለገ፣ በኦሮምኛ ፈለገ፣ አላገኘውም፤ በስፓኒሽ ግን አፉ ላይ ነበር፣ ምክንያቱም በዚያ ቋንቋ ነው መጀመሪያ ያየው። ነገራቸው። ዶኛ አምፓሮ ራሳቸውን ነቀነቁ፤ ከጠረጴዛው ላይ ሁለት የቀለም ቱቦ አንሥተው በትንሽ ሳህን ላይ ጨመቁና መቀላቀል ጀመሩ። ነጭ ጨመሩ፤ አሳዩት።

«አይደለም» አለ። «ትንሽ የበለጠ ቢጫ።»

ጨመሩ። «እንዲህ?»

«አይደለም፣ ዶኛ። አሁን በዛ።»

«ታዲያ መጥተህ አሳየኝ እንጂ!» አሉት። «ከዚያ ሆነህ አይደለም አይደለም ማለት ምን ይባላል?»

ተነሥቶ አጠገባቸው ቆመ። ውጭ በረዶው እየቀለጠ ከጣሪያ ይንጠባጠብ ነበር። ሁለቱ ጎንበስ ብለው ሳህኑ ላይ እየተከራከሩ፣ በአንድ ግድግዳ ውስጥ የነበረውን ቀለም ይፈልጋሉ።